ሰባት እንግዳ፣ ስድስት ወንበር

ምናሉ አይረሳም። የዋህ ነው፣ ቶሎ ይተዋል የሚል ሰው ካለ ምናሉን አያውቀውም። በ1995 ዓ.ም. እንቁጣጣሽ ዕለት ሦስት መቶ ሰው ፊት የተባለበትን አንዲት ነገር አምስት ዓመት ሙሉ በልቡ ይዞ ኖሯል። ያቺን ነገር ለተናገራት ሰው እንዴት አድርጎ እንደመለሳት ነው የምነግራችሁ።

የነገሩ መነሻ ግን ቂም አልነበረም፣ ሳቅ ነበር። ምናሉ አሜሪካ፣ ዴንቨር ከተማ የገባ ሰሞን ካፒቶል ሂል በሚባለው ሰፈር፣ ከኮልፋክስ ጎዳና ትንሽ ገባ ብሎ፣ አንዲት ጠባብ ክፍል ተከራየ። የቀድሞው ተከራይ ትቶት የሄደ ቴሌቪዥን ነበረባት። አንቴናው የተጣመመ ስለሆነ ከጣቢያዎቹ ሁሉ ጥርት ብሎ የሚታየው አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ማስታወቂያ የሌለው የሕዝብ ጣቢያ። ያ ጣቢያ ቅዳሜ አመሻሹ ላይ የድሮ የእንግሊዝ ጭውውት ያሳያል። ቴሌቪዥን ገና ዳዴ በሚልበት ዘመን የተቀረጸ፣ ጥቁርና ነጭ፣ መጋረጃው ሲነቃነቅ የሚታይ ጭውውት ነው።

ምናሉ መጀመሪያ ያየው እንዲህ ነበር። ባርኔጣ ያደረገ አንድ ሰውዬ መሥሪያ ቤት ይገባና ለጃንጥላው ፓስፖርት እንዲሰጠው ይጠይቃል። ጸሐፊው ኮስተር ብሎ ጃንጥላው ያገባ እንደሆነ ይጠይቀዋል። ሰውዬው አንገቱን ይደፋና፣ ይህን እሱ ባለበት ባናነሳው ይሻላል ይላል። ጸሐፊው በጣም ያፍራል፣ ብድግ ብሎም ጃንጥላውን ይቅርታ ይጠይቃል። ማንም አይስቅም፣ ማንም አይጮህም።

ምናሉ እንግሊዝኛው አልገባኝም ብሎ ተጨነቀ። ያልያዘውን ቃል ሁሉ በደብተር እየጻፈ፣ ሰኞ ሰኞ መኪና ማቆሚያው ላይ አብሮት ለሚሠራው ሽማግሌ አሜሪካዊ ያሳየዋል። ሦስተኛው ሰኞ ላይ ሽማግሌው ደብተሩን መለሰለትና፣ ‹‹ወንድሜ፣ ይሄ እኔንም አይገባኝም፤ እንዳይገባ ተብሎ ነው የተሠራው›› አለው።

ያን ቀን ምናሉ በደስታ የሚሆነውን አጣ። አሜሪካ ከገባ ጀምሮ ያልገባው ነገር ሁሉ የራሱ ጥፋት ነበር፤ የባንኩ ደብዳቤ፣ የሐኪሙ ቅጽ፣ የሥራ ባልደረቦቹ ቀልድ። አሁን ግን ለአገር ምድሩ የማይገባ ነገር ተገኘለት። ከዚያ ወዲያ አንድም ቅዳሜ አላመለጠውም። ፀዳልን ሲያገባም ከሻንጣና ከብርድ ልብስ ሌላ ይዞላት የመጣው ያንን ቴሌቪዥን ነው።

‹‹እነዚህ ሰዎች እኮ ሐበሾች ናቸው›› ይላታል፣ አጠገቧ ተቀምጦ እየተመለከተ። ‹‹ይሉኝታቸውን እያየሽ ነው? ቤቱ እየተቃጠለ እንኳን አንተ ቅደም፣ አንተ ቅደም ይባባላሉ።››

‹‹አሁን ይሄ ምኑ ያስቃል?›› ትለዋለች ፀዳል። እሷ አረጋውያን በየቤታቸው ስትንከባከብ ውላ የምትገባ ሴት ናት፤ ቁም ነገርም ቀልድም ቶሎ እንዲያልቅላት ትፈልጋለች።

ወደ አጎራባቿ ከተማ ወደ ኦሮራ ከተዛወሩ በኋላ ምናሉ አንድ አሮጌ ቫን ገዝቶ ፒዮሪያ ስትሪት አካባቢ ያሉ የሐበሻ ልጆችን ትምህርት ቤት ማመላለስ ጀመረ። አሥራ አንድ ልጆች ነበሩ። እናቶቹ በጠዋት ሥራ ስለሚገቡ ልጆቻቸውን ለእሱ ጥለው ይሄዳሉ። ልጆቹም ይወዱታል፤ ምክንያቱም ምናሉ ከነሱ ጋር እንደዚያ ባለባርኔጣ ሰውዬ ነው የሚያወራው። ቦርሳቸውን አንቱ እያለ ይጠራል። ‹‹እርስዎ፣ ቀበቶዎን ቢያስሩ›› ይለዋል የአንዷን እናት፣ የሮማንን፣ ልጅ ቦርሳ፣ ፊቱን ሳያዞር። ‹‹ጋሼ፣ ሂ ኢዝ ታየርድ ቱደይ›› ትለዋለች ልጅቱ፣ ዛሬ ደክሟቸዋል ለማለት፣ እሷም ኮስተር ብላ።

ታዲያ በዚያ ቫን ውስጥ ነው ‹ኖር› የምትባለዋ ጭውውት የተፈጠረችው። መቼም የአገራችንን ነገር ታውቁታላችሁ። ሰው ሲገባ የተቀመጠው ብድግ ይላል፣ ‹‹ኖር!›› ይላል፤ የገባውም ‹‹በእግዜር!›› ብሎ ያስቀምጠዋል። ምናሉ ይህን ያዘና አራት ሰዎችና አንድ ወንበር አደረገው። ማንም ሌላው ቆሞ እያለ መቀመጥ አይፈልግም። ይለማመናሉ፣ ይማማላሉ፣ ይገባበዛሉ። መጨረሻ ላይ ወንበሩ ራሱ ሲቆም ስለዋለ ደክሟቸዋል ይባልና ደግፈው፣ አንቱ እያሉ፣ ይዘውት ይወጣሉ። ልጆቹ በየጠዋቱ እየተጫወቱት ከመንገዱ ትራፊክ መብራት ጋር ሳይቀር ኖር ይባባሉ ነበር።

ይህን ነበር ምናሉ ከሦስት ታክሲ ነጂ ጓደኞቹ ጋር አጥንቶ በ1995 እንቁጣጣሽ መድረክ ላይ ያቀረበው። በዓሉን የሚያዘጋጀው የከተማው ሐበሾች ማኅበር ነው። የማኅበሩ ሊቀመንበር ደግሞ በዛብህ ነበር። በዛብህ ቤት የሚያሻሽጥ፣ ከሱፍ ልብስ ውጪ የማይታይ፣ ‹‹ከዚህ አኳያ›› ሳይል ውኃ እንኳን የማይጠይቅ ሰው ነው። እግዜር ይይለት።

አራቱ ሰዎች መድረክ ላይ መለማመን ጀመሩ። አዳራሹ ጭጭ አለ። ልጆቹ ፊት ለፊት መሬት ላይ ተቀምጠው ይንከተከታሉ፤ ትልልቆቹ ግን ቀልዱ መቼ ነው የሚጀምረው ብለው ይጠብቃሉ። ምናሉ አልደነገጠም፤ እንዲህ ዓይነቱ ነገር ጊዜ እንደሚፈልግ ያውቃል። ልክ ወንበሩን ደግፈው ‹‹እሳቸውም ደከማቸው›› ሲሉ ግን በዛብህ ከተቀመጠበት ተነሥቶ ወደ መድረኩ ወጣ።

‹‹ወንበሩ እኔ ነኝ ማለት ነው?›› አለው በጆሮው፣ ጥርሱን ነክሶ።

ምናሉ በእውነት አልገባውም ነበር። ሊቀመንበር የሚለው ቃል ውስጥ መንበር እንዳለ ያን ጊዜ ትዝ ብሎት አያውቅም። ‹‹ወንበር ነው እኮ›› አለ። ከዚያ የተሻለ መልስ ቢኖረው ኖሮ ምናልባት ይህ ሁሉ ነገር አይመጣም ነበር።

በዛብህ እጁን ትከሻው ላይ ጣል አደረገ። በሌላው እጁ ማይክሮፎኑን ከምናሉ እጅ ቀስ ብሎ፣ በጨዋ ደንብ፣ ወሰደ። ወደ ሕዝቡ ዞረና አንገቱን ዘንበል አድርጎ፣ ‹‹ወንድማችን ምናሉ ትንሽ አሞታል። በጸሎታችሁ አስቡት›› አለ።

ይኸው ነው፤ ከዚያ በላይ አልጨመረም። ‹ትንሽ አሞታል› ማለት ግን በእኛ ዘንድ ምን ማለት እንደሆነ ማንም አይጠፋውም። ጉንፋን የያዘው ሰው እንዲህ አይባልም። አዳራሹ ውስጥ ያለች እናት ሁሉ ከንፈሯን መጠጠች። ሦስቱ ታክሲ ነጂዎችም ወንበሩን እዚያው ጥለው፣ እሱ ነው ያስገደደን በሚል ፊት፣ በኋላ በር ወጡ።

ሰኞ ጠዋት ሮማን ደወለች። ‹‹ጋሼ ምናሉ፣ ስኬጁሌን ቼንጅ ስላደረጉብኝ ከዛሬ ጀምሮ እኔው ድሮፕ አደርጋቸዋለሁ›› አለች፣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ። ረቡዕ ሁለት እናቶች ደወሉ። በሁለተኛው ሳምንት መጨረሻ ቫኑ ውስጥ አንድም ልጅ አልነበረም። ማንም ሰው ‹‹ልጄን ለእብድ አላምንም›› አላለውም። ቢሉትማ ይጣላቸው ነበር። ሁሉም እንደዚያ የጭውውቱ ጸሐፊ በጨዋነት፣ በይቅርታ፣ እያዘኑለት ነው የሸሹት። ምናሉም የኤርፖርት አውቶቡስ መንዳት ጀመረ፤ ከሻንጣ በቀር የሚያዋራው አጣ።

አባቱ ስሙን ምናሉ ሲለው ሰው ምን አለኝ እያለ እንዲኖር አስቦ አይመስለኝም። አሁን ግን ኑሮው እንደዚያ ሆነ። ሱቅ ሲገባ ወሬ ይቆማል። ሰርግ ቤት ፀዳልን ወደ ጥግ ይስቧትና ‹‹አሁንስ እንዴት ነው? እንቅልፍ ይተኛል?›› ይሏታል። እሷም መጀመሪያ ‹‹ደኅና ነው እኮ›› እያለች ትከራከር ነበር፤ በኋላ ደከማትና ‹‹እግዚአብሔር ይመስገን›› ብላ ማለፍ ጀመረች። ምናሉን ከሁሉ ያቃጠለው ይህ ነው። የገዛ ሚስቱ እንኳን በሽታውን ተቀበለችለት።

ከሰው ሁሉ በግልጽ የመጡት እትዬ ብርቅነሽ ብቻ ናቸው። እትዬ ብርቅነሽ እዚያው ግቢ ውስጥ የሚኖሩ፣ ደግነታቸው ማንንም የማይለቅ አሮጊት ናቸው። ከቤተ ክርስቲያን ጠበል በወተት ጋሎን ቀድተው፣ ሦስተኛ ፎቅ ድረስ እያረፉ ወጥተው፣ በሩን አንኳኩ። ‹‹እንካ ልጄ። ጠዋት በባዶ ሆድ ነው። ፊትህንም ታበስበት›› አሉት። ምናሉ ምን ይበል? ሁለት እጁን ዘርግቶ ተቀበላቸው። ከዚያ በኋላም በየዓመቱ ጥምቀት በዋለ ማግስት ጋሎናቸውን ይዘው ይመጣሉ። እሱም በየዓመቱ ይቀበላል፤ ደጃፉን ዘግቶም አምርሮ ያለቅሳል።

ሁለት ሺህ ዓመተ ምሕረት መጣ። ሚሌኒየም ተባለ፤ ፒዮሪያ ስትሪት ላይ ያለው ትልቁ አዳራሽ ተያዘ። በዛብህ አሁንም ሊቀመንበር ነው፤ አሮጌው ኤርፖርት ፈርሶ በተሠራው አዲስ ሰፈር ቤት ገዝቷል፣ የሱፍ ልብሱም ተለውጧል። ምናሉ የዝግጅቱ ስብሰባ ላይ እጁን አውጥቶ ‹‹እኔም ላግዝ›› ሲል ሁሉም ዞር ብሎ አየው።

በዛብህ ፈገግ አለ። ‹‹ከዚህ አኳያ፣ ምናሉን ቀለል ያለ ነገር ብናሠራው አይሻልም? ወንበር ይደርድር። እንዳይጨናነቅ።››

‹‹ወንበር?›› አለ ምናሉ። ከዚያ ዝግ ብሎ፣ ‹‹ደስ ይለኛል፣ ክቡር ሊቀመንበር›› አለ። ያን ቀን ወደ ቤቱ ሲመለስ መንገድ ላይ ብቻውን ሲስቅ ያየው ሰው ካለ፣ የተወራው ሁሉ እውነት ነው ብሎ ሄዷል።

የበዓሉ ዕለት ምናሉ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ በጊዜ ደረሰ። ለሕዝቡ የሚሆነውን ወንበር አንድ ሳያጎድል ደረደረ። መድረኩ ላይ በዛብህ በጻፈለት ዝርዝር መሠረት ሰባት የክብር እንግዶች ይቀመጣሉ፤ ቄሱ፣ ፓስተሩ፣ ሦስት ሽማግሌዎች፣ ከከተማው ምክር ቤት የመጣች አንዲት አሜሪካዊት፣ በመጨረሻም በዛብህ ራሱ። ለበዛብህ ጀርባው ረጅም የሆነ የቆዳ ወንበር ተከራይተውለታል። ምናሉ የቆዳውን ወንበር መሐል አስቀመጠ፤ በግራና በቀኙ አምስት ወንበሮች አኖረ። ሰባተኛዋን ወደ ቫኑ ወስዶ ቆለፈባት።

ሰባቱ እንግዶች በጭብጨባ ወደ መድረኩ ወጡ። አሜሪካዊቷ ቶሎ ብላ አንዱ ወንበር ላይ ተቀመጠች። ቄሱ ሊቀመጡ ሲሉ ፓስተሩ መቀመጫ እንዳጡ አዩ። ‹‹ኖር፣ ይቀመጡ እንጂ›› አሉ ቄሱ። ‹‹በእግዚአብሔር! አባታችን ቆመው?›› አሉ ፓስተሩ። አንዱ ሽማግሌ ደግሞ ለሁለቱም ተነሡ፤ ለእሳቸው ሌሎቹ ሁለቱ ተነሡ። ቆዳ ወንበሩ ላይ ሊደላደል የነበረው በዛብህ፣ ሽማግሌ ቆሞ ሊቀመንበር ቢቀመጥ ምን እንደሚባል ስለሚያውቅ፣ ግማሽ መንገድ ላይ ቂጡን መለሰ። አሜሪካዊቷ ግራና ቀኟን አይታ ሥርዓት ያፈረሰች መስሏት እሷም ብድግ አለች። ቄስ ቆመው መቀመጥ የለምና አዳራሹን የሞላው ሰው አንድ ላይ ተነሣ።

‹‹ተቀመጡ እንጂ!›› አለ በዛብህ በማይክሮፎን።

‹‹አባቶች ሳይቀመጡ?›› አለ አዳራሹ።

‹‹ምናሉ! ወንበር አጎደልክ እኮ! አንድ ወንበር!›› አለ በዛብህ።

‹‹ወዲያው፣ ክቡር ሊቀመንበር›› አለ ምናሉ። ሄደ። ሲመለስ በአንድ እጁ ወንበር፣ በሌላው እጁ የሰማንያ ስምንት ዓመቱን አባባ ዘውዱን ደግፎ ነው። ‹‹አባባን እበሩ ጋ ቆመው አገኘኋቸው። እናንተ መድረክ ላይ ሆናችሁ እሳቸው ከኋላ ቢሆኑ ሰው ምን ይላል ብዬ ነው›› አለ፣ በፍጹም ትሕትና። አሁን ስምንት ሰው፣ ሰባት ወንበር ሆነ። አባባ ዘውዱ ወንበሩን ለቄሱ ሰጡ፤ ቄሱ መለሱላቸው፤ ‹‹ኧረ በሞቴ››፣ ‹‹ኧረ አይደረግም›› ተባለ።

‹‹ሌላ ወንበር!›› አለ በዛብህ። ግንባሩ ማላብ ጀምሯል።

ምናሉ ሌላ ወንበር አመጣ፣ ከሌላ ሽማግሌ ጋር፤ ከነከዘራቸው። ዘጠኝ ሰው፣ ስምንት ወንበር። በዛብህ ሦስተኛ ጊዜ ሲጮህ ወንበሩ እትዬ ብርቅነሽን አስከትሎ መጣ። አንድም ጊዜ ምናሉ አልሳቀም፤ አንድም ክፉ ቃል አልወጣውም። ማንንም ሰው ‹‹አይቀመጡ›› አላለም።

ያኔ ነው ከመጨረሻው ረድፍ አንዲት ልጅ የጮኸችው። የሮማን ልጅ ነች፤ አሁን ቁመቷ እናቷን አክሏል። ‹‹ኦ ማይ ጋድ! ኢትስ ዘ ቼር ስኪት! ማሚ፣ የጋሼ ምናሉ የወንበር ጭውውት ነው እኮ!›› አለች። አጠገቧ ያሉት፣ ያኔ ቫን ውስጥ የነበሩት ሁሉ፣ እየተቀባበሉ ‹‹ኖር!›› ‹‹በእግዜር!›› ማለት ጀመሩ። ሳቁ ከኋላ ተነሥቶ ረድፍ በረድፍ ወደ ፊት መጣ። አምስት ዓመት የዘገየ ሳቅ ስለሆነ አንዴ ከመጣ በኋላ የሚያቆመው አልነበረም። ቄሱ በነጠላቸው አፋቸውን ሸፈኑ።

በዛብህ ፊቱ ቀላ። የአርባ ደቂቃ ንግግሩን ወረቀት ጨብጦ ቆዳ ወንበሩ ላይ ዘፍ ብሎ ተቀመጠ፤ በቄሱ ፊት፣ በአባባ ዘውዱ ፊት፣ እግሩን ዘርግቶ። አዳራሹ ‹‹ውይ!›› አለ። እሱም ሊቀመንበሩ እኔ ነኝ ሊል ፈልጎ፣ ምላሱ በንዴት ተሳስሮ፣ በማይክሮፎን፣ ‹‹ወንበሩ እኔ ነኝ! ገባችሁ? ወንበሩ እኔ ነኝ!›› አለ።

አሜሪካዊቷ ምን እንዳለ አጠገቧ የቆመውን ጠየቀች። ‹‹ሂ ሴዝ ሂ ኢዝ ዘ ቼር›› አላት። በእንግሊዝኛ ወንበርንም ሊቀመንበርንም ቼር እንደሚሉ ታውቃላችሁ። እሷም ግራ ገብቷት፣ ‹‹ዬስ፣ ኦፍ ኮርስ ሂ ኢዝ›› አለች፣ አዎ ነው እንጂ ለማለት፣ ኮስተር ብላ። ይህን የሰሙት ፊተኛው ረድፍ ላይ የነበሩት መሬት ላይ ሊወድቁ ደረሱ።

ምናሉ ወደ በዛብህ ሄደ። እጁን ትከሻው ላይ ጣል አደረገ። ማይክሮፎኑን ከእጁ ቀስ ብሎ፣ በጨዋ ደንብ፣ ወሰደ። አንገቱን ዘንበል አደረገና፣ ‹‹ወንድማችን በዛብህ ትንሽ አሞታል። በጸሎታችሁ አስቡት›› አለ።

ሳቁ ቆመ። ከሕዝቡ ግማሹ ቀልድ መሆኑ ገብቶታል። ግማሹ ግን ከንፈሩን መጠጠ። ምናሉ የፈለገው ይህንን ግማሽ ነበር።

ከበዓሉ በኋላ በነበረው ሳምንት ሮማን ራሷ ደወለች። ልጆቿ አድገዋል፤ የእህቷ ልጆች ግን አሉ፣ ቫኑ ቦታ ይኖረው እንደሆነ ጠየቀችው። ምናሉም ‹‹አለ፣ ሞልቷል›› አላት። የበዛብህን ሚስትም ሱቅ ስትገባ ወደ ጥግ እየሳቡ ‹‹አሁንስ እንዴት ነው?›› እንደሚሏት ጎረቤቶች ለፀዳል ነገሯት።

ፀዳልን ይህ አላሳቃትም። ‹‹ረካህ አሁን?›› አለችው። ‹‹እሱስ እሺ፤ እሷ ምን አደረገችህ? እኔ የኖርኩትን ትኑር?››

ምናሉን ሴትየዋ አሳዘነችው፤ ለበዛብህ ግን ፈልጎ ፈልጎ ቅንጣት ኀዘኔታ አጣ። የሰጠውን ነው የተቀበለው። እሱ ከሳምንት በኋላ ይረሳለታል፤ ባለሱፍ ስለሆነ። የእኔ ግን አምስት ዓመት ነበር ብሎ አሰበ፣ ንዴቱም እንደገና ተነሣበት።

በዚህ መሐል በሩ ተንኳኳ። እትዬ ብርቅነሽ ናቸው፤ የወተት ጋሎን ይዘዋል፣ ትንፋሽ አጥሯቸዋል። ‹‹ልጄ፣ እኔ እዚያ አዲሱ ሰፈር ድረስ አውቶቡስ አያደርሰኝም። ያ ምስኪን ሰውዬ አሳዘነኝ። አንተ ደግሞ ደርሶብህ ታውቀዋለህ፤ እባክህ አንተ አድርስልኝ›› አሉት።

ምናሉ ጋሎኑን በሁለት እጁ ተቀበላቸው። ነጭ ሸሚዙን ለበሰ፣ ጋሎኑን ቫኑ ውስጥ ፊት ወንበር ላይ አስቀምጦ ቀበቶ አሰረለት፣ ወደ በዛብህ ቤት ነዳ። በሩን የከፈተው በዛብህ ራሱ ነው፤ ሱፍ አልለበሰም፣ ጢሙ አድጓል። ምናሉን አየው፣ ጋሎኑን አየው። እጁ ብቻውን ተዘረጋ፤ ጠበልን አልቀበልም ማለት አይቻልማ።

‹‹ጠዋት በባዶ ሆድ ነው›› አለው ምናሉ፣ ሳይስቅ። ‹‹ፊትህንም ታበስበት።››